ወደ ነበረበት ይመለስ

ይድረስ ለወንድሜ ለሀብተሚካኤል፤ ድሬዳዋ።

ለጤናህ እንደምን ሰነበትክ? ሙቀቱስ እንዴት ይዞሃል? ብሩክታዊት እንዴት ናት፣ ወገቧን ያማት የነበረው ተሻላት? ሰሊሆም ትምህርቷን እንዴት ይዛዋለች? ትንሹ ዳግም ጥርስ አወጣ ወይስ አሁንም በድዱ ነው የሚስቀው? እኛ በእግዚአብሔር ቸርነት ሁላችንም በሕይወት አለን። እማዬ ጉልበቷን ያማታል እንጂ ደህና ናት። እኔም ደህና ነኝ ብዬ ልጽፍልህ ነበር፤ ግን ዘንድሮ ውሸት የተጻፈበት ወረቀት ስለበዛብኝ ልተወው። ደህና አይደለሁም። ተናድጃለሁ፤ የተናደድኩትም ባንተ ነው።

ይህን ሁሉ የጠየቅኩህ ሥርዓት ስለሆነ ነው። አባታችን ነፍሱን ይማረውና የተጣላውን ሰው እንኳ መንገድ ላይ ሲያገኝ የልጆቹንም የላሞቹንም ደህንነት ጠይቆ ሳይጨርስ ወደ ጠቡ አይገባም ነበር። እኔም የእሱ ልጅ ነኝና ጠይቄ ጨርሻለሁ። ካለፈው አርብ ጀምሮ አሥራ አንድ ጊዜ ደወልኩልህ። መጀመሪያ ጠርቶ ጠርቶ ይቋረጥ ነበር፤ ከዚያ ተይዟል አለኝ፤ ከእሁድ ወዲህ ደግሞ ከነጭራሹ የውሃ ሽታ ሆንክ። ስለዚህ ይህን ደብዳቤ በአርሴማ እጅ ልኬዋለሁ። የጎረቤታችን የጋሽ ካሱ የልጅ ልጅ ናት፤ እዚያው ድሬዳዋ ዩኒቨርሲቲ ሦስተኛ ዓመት ደርሳለች፣ ለዕረፍት መጥታ ነበር። ልጅቷ ምንም አላጠፋችምና በር ዘግተህ እንዳትመልሳት።

ነገሩ የቦያችን ውሃ ነው። አንተ ታውቀዋለህ። ግን ምንም እንደማያውቅ ሰው ሆነህ ውሃው ተመልሶልናል ብለህ ለፍርድ ቤት ስለፈረምክ፣ እኔም ምንም እንደማያውቅ ሰው ቆጥሬህ ከሥሩ እነግርሃለሁ። አንብበህ ስትጨርስ አላወቅኩም ነበር የምትለው ነገር እንዳይቀርህ።

ከሐሬ ወንዝ የተጠለፈው ዋናው ቦይ ጫኖ ሲደርስ ወደ እኛ የሚገነጠል አንድ ቅርንጫፍ አለው። አባታችን ከጎረቤቶቹ ጋር በአካፋ የቆፈረው ነው፤ አንተም ሱሪህን ጠቅልለህ ብዙ ጭቃ አውጥተህበታል። ሙዛችንም፣ ማንጎአችንም፣ የእማዬ ጓሮም የኖሩት በሱ ነው። ከመስቀል ማግስት፣ ሰው ገና ከድግሱ ሳይላቀቅ፣ የመስኖው ቢሮ ሠራተኞች ሲሚንቶ ይዘው መጡና የቅርንጫፉን አፍ ደፈኑት። የቢሮውን ሙሉ ስም እዚህ አልጽፈውም፤ ይቺም ወረቀት ነገ ስም ማጥፋት ተብላ ትቀርብብኛለች። ኃላፊው አቶ አለምሰገድ መሆኑን ግን ካንተ በላይ የሚያውቅ የለም። ጥገና ነው፣ አንድ ሳምንት ታገሱ አሉን። ሳምንቱ ወር ሆነ። ለካ ውሃችን ከታች በኩል መሬት ወስዶ ሙዝ ወደ ተከለው ባለሀብት ዞሯል። የእሱ ሙዝ ቅጠሉ ሲያብረቀርቅ የእኛ ከጫፉ መጠቅለል ጀመረ።

ጎረቤቶቻችን ፈሩ። አንቺ ጀምሪውና የሚሆነውን አይተን እንከተልሻለን አሉኝ። የይዞታ ደብተሩ በእማዬ፣ በእኔና ባንተ ስም ስለሆነ በሦስታችን ስም ክስ መሠረትኩ። ያን ጊዜ ደውዬ ሳማክርህ በርቺ ብለኸኛል። እንዲያውም እኔ ብሆን ኖሮ ገና ድሮ ነበር የምከሳቸው አልክ። በርቺ ያልከውን ቀን አስታውሰዋለሁ፤ ሲቀላ ገበያ ሙዝ አራግፌ ቆሜ ነበር፣ ሰው ሁሉ እስኪያየኝ ድረስ ስቄያለሁ።

አንድ የእኔ ጥፋት አለበት፣ አልክደውም። ማመልከቻውን የጻፉልኝ ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ጃንጥላ ዘርግተው የሚቀመጡ አንድ ጡረታ የወጡ ጸሐፊ ናቸው። ታሪኩን ሁሉ ጽፈው ሲጨርሱ መጨረሻ ላይ ምን ይወሰንልኝ ትያለሽ አሉኝ። እኔም እንደ አፋችን፣ ውሃው ወደ ነበረበት ይመለስ በሉልኝ አልኳቸው። ሰውዬው መነጽራቸውን ከፍ አድርገው አዩኝና ወደ ቅርንጫፍ ቦያችን ብንል አይሻልም ወይ አሉኝ። ጫኖ ውስጥ ሕፃን ልጅ የሚያውቀውን ቦይ ምን ብለን ስሙን እንጠራለን፣ ወደ ነበረበት ካልን ይበቃል አልኳቸው። ትከሻቸውን ነቅነቅ አደረጉና ጻፉት።

ፍርዱ የተሰጠው ኅዳር 19 ቀን ነው። ዳኛዋ ገና ወጣት ናት፤ ድምጿ ዝቅ ያለ ነው፣ እጇ ግን ለጽሕፈት ፈጣን ነው። እማዬ በጋሞኛ መስክራ አስተርጓሚው በአማርኛ ሲያቀርበው፣ ዳኛዋ ብዕሯን አስቀምጣ እማዬን እያየች ነው የሰማችው። የቢሮው ነገረ ፈጅ ስለ ልማት ብዙ አወራ። እሷም አስጨርሳው ስታበቃ፣ ያለ አግባብ የተወሰደው ውሃ በአሥራ አምስት ቀን ውስጥ ወደ ነበረበት ይመለስ ብላ ወሰነች፤ ከማመልከቻዬ ላይ ቃል በቃል። የውሳኔውን ግልባጭ ማኅተም አስመትቼ ስወጣ እግሬ መሬት አልነካም። ወረቀቱ ላይ የፍርድ ባለመብት ይለኛል። እማዬ ይህ ሹመት ነው ወይ ብላ ጠየቀችኝ። አዎ አልኳት፣ ምን አውቄ።

በታኅሣሥ መጀመሪያ ሠራተኞቹ ተመልሰው መጡ። አካፋና መዶሻ ይዘው ሳያቸው ሮጬ ወጣሁ፤ የሚጠጣ ውሃ አቀረብኩላቸው፣ ከቀረችን ሙዝም ቆርጬ ሰጠኋቸው። እነሱ ሙዙን እየበሉ ቅርንጫፋችንን አልፈውት ወደ ላይ ወጡ። ለባለሀብቱ ይሄድ የነበረውን የእኛን ድርሻ ዘጉና፣ ትርፍ ውሃ ወደ ወንዝ የሚለቀቅበትን የብረት በር ከፈቱት። ድርሻችን እንዳለ ሐሬ ወንዝ ገባ። አባያ ሐይቅ እንኳ ቢደርስ ደግ ነበር፤ ባለሀብቱ ከወንዙ ታችኛው ዳር ሁለት ፓምፕ ተክሎ ሲጠብቀው ኖሯል። በእኛ ቅርንጫፍ አፍ ላይ ያለው ሲሚንቶ አንድም ፍንጣሪ አልተነሳለትም። በሳምንቱ ቢሮው ለፍርድ ቤቱ የአንድ መስመር ደብዳቤ ጻፈ፤ በፍርዱ መሠረት ውሃው ወደ ነበረበት ተመልሷል ይላል።

ይህን ይዤ ሴቻ፣ ወደ ቢሮው ወጣሁ። ከሲቀላ በሚኒባስ ስንት ቀን እንደተመላለስኩ ረዳቶቹን ብትጠይቅ ይነግሩሃል፤ አንደኛውማ ዛሬም ወደ ቢሮሽ ነሽ እያለ ይቀልድብኛል። ኃላፊው አንድ ቀን ስብሰባ ላይ ነው፣ አንድ ቀን መስክ ወጥቷል፣ አንድ ቀን ሥልጠና ገብቷል። በስድስተኛው ቀን ከበሩ አልነቃነቅም ብዬ ቆሜ ሲወጣ ያዝኩት። አልተቆጣም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር። ወንበር ስቦ አስቀመጠኝና ልጅ እንደሚያስቆጥር አስተማሪ ጣቱን እያጠፈ አስረዳኝ። ውሃ ከሁሉም በፊት የት ነበር? ወንዝ ውስጥ። ቦይ ምንድን ነው? ሰው የቆፈረው ጉድጓድ። ታዲያ ወደ ነበረበት መልስ ከተባልኩ ወዴት ልመልሰው? እኔ እኮ ሕግ አክባሪ ሰው ነኝ አለኝ። የቢሮው ጸሐፊ አፏን በመሐረብ ይዛ ሳቀች። ሀብቴ፣ ደሜ ፈላ። ዓይኑን በጨው የታጠበ ሰው አይቼ አላውቅም ማለቴ አይደለም፤ ግን እንዲህ ያለውን ፊት ለፊት ተቀምጦ፣ ሻይ ልዘዝልሽ ወይ እያለኝ አላየሁም። ከዚያ ስወጣ እኒያ ጃንጥላ ሥር ያሉት ሰውዬ መነጽራቸውን ከፍ አድርገው ያዩኝ አስተያየት ከፊቴ አልሄድ አለ።

አቤቱታ ያስገባሁት ከዚያ በኋላ ነው። የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ደርሶት ሆን ብሎ ያልፈጸመ ባለሥልጣን ችሎት እንደ ደፈረ ይቆጠራል፣ እስከ መታሰርም ያደርሰዋል ብለው የመከሩኝ እኒያው ጸሐፊ ናቸው። በዚህኛው ጊዜ ቃል አልቆጠብኩም። ወደ ቅርንጫፍ ቦያችን፣ ሲሚንቶው ፈርሶ፣ አባታችን ወደ ቆፈረው፣ ሙዛችን ሥር ድረስ እያልኩ አንድ ገጽ አስሞላኋቸው። ይበቃል፣ ፍርድ ቤት ነው እንጂ ጉዞ አይደለም አሉኝ።

ጥር 15 ቀን ስንቀርብ አቶ አለምሰገድ የለም። አንድ ሠራተኛ ልኮ ያንኑ የአንድ መስመር ደብዳቤ አስቀረበ። ዳኛዋ ውሃው አሁን የት ነው ብላ ሠራተኛውን ጠየቀችው። ወንዝ ውስጥ ነው ክብርት ዳኛ አላት። ወንበር ላይ የነበረው ሰው ሁሉ ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። በገዛ ቃሏ ነው የቀለዱባት፤ ፊቷ ልውጥ አለ። ትዕዛዙ ለምን እንዳልተፈጸመ ኃላፊው ራሱ ቀርቦ ያስረዳ፣ ፖሊስ ይዞ ያቅርበው ብላ አዘዘች። እኔም ሰውዬው አሁን ገና ተያዘ ብዬ ለእማዬ ቡና ሳይሆን ለስላሳ ገዛሁላት፤ እዚያው ደረጃው ላይ ተቀምጣ ጠጣችው።

የትዕዛዙን ወረቀት ለፖሊስ ያደረስኩት እኔው ነኝ። ስሄድ ገና ነው ይሉኛል፤ በሦስተኛው ጊዜ ፈልገን አጣነው፣ ከተማ ውስጥ የለም አሉኝ። በዚያው ሳምንት ሴቻ አንድ ሆቴል በረንዳ ላይ፣ ሐይቁን ፊት ለፊት እያየ ዓሣ ሲበላ በዓይኔ በብረቱ አየሁት። አብሮት የሚበላው አጣነው ያለኝ ፖሊስ ነው። ፖሊሱ ሲያየኝ ትንሽ እንኳ አላፈረም፤ እጁ ዘይት ስለነካው ለሰላምታ ክርኑን ዘረጋልኝ። እኔ ደግሞ ግራ ገብቶኝ ክርኑን ጨበጥኩት። እስካሁን ትዝ ባለኝ ቁጥር እጄን ልታጠብ እነሳለሁ።

ከዚያ ወዲያ የሆነውን ብታይ ምን ትል እንደነበር እንጃ። ጥር 25፣ እሁድ፣ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ ደጃችን ላይ ሽማግሌዎች ተሰልፈው አገኘናቸው። በእጃቸው እርጥብ ሳር ይዘዋል። እኔን ሲያዩ ተንበረከኩ። ከዚህ ከወጣህ ብዙ ዓመትህ ቢሆንም ይህን አትረሳውም። አባቶች እርጥብ ሳር ይዘው ሲንበረከኩ ለጠብ የወጣ ጎረምሳም ባለበት ይቆማል። ያን ሳር ተራምዶ ያለፈ ሰው ጎሜ ይሆንበታል፣ ነውሩ ከልጁም ከከብቱም ይደርሳል ተብለን ነው ያደግነው። አቶ አለምሰገድ የእኛው አገር ሰው ነውና ይህን አውቆ ነው የላካቸው። ራሱ አልመጣም፤ መኪናው ግን ከመንገዱ ማዶ ጥላ ሥር ቆማ ነበር።

ከፊት የተንበረከኩት ጋሽ ካሱ ናቸው። ያንን ቦይ ከአባታችን ጋር የቆፈሩት፣ አባታችንንም የቀበሩት። ልጄ፣ አንድ አገር ተቀምጦ በችሎት መፈላለግ ጥሩ አይደለም፣ ሳሩን ተቀበይንና ነገሩ ይብረድ አሉኝ። እጅ እግሬ ተሳሰረ። እማዬ ነጠላዋን ዝቅ አድርጋ አጎንብሳ ቆማለች። ሰማንያ ዓመት የሞላቸው ሰው ተንበርክከው እያየሁ እንቢ የምልበት አፍ ከየት ላምጣ? ሳሩን ተቀበልኩ። ስቀበለው መዳፌ ረጠበ። ቀትር እየተቃረበ ነው፣ ጠል የለም፣ ዝናብ ከጣለ ወራት አልፎታል። ጋሽ ካሱ፣ ይህን ሳር ከየት ነቀላችሁት አልኳቸው። ውሸት የማይሆንላቸው ሰው ናቸው። ከፓምፑ ሥር ነው ልጄ፣ ሌላ ቦታ እርጥብ ሳር አጣን አሉኝ።

እንግዲያው እኔ ታርቄያለሁ፤ እናንተም ከእኛ ማሳ እንዲህ ያለውን አንድ ጭብጥ ነቅላችሁ አምጡልኝና ነገ ጠዋት ክሱን እዘጋለሁ አልኳቸው። ሌሎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ጋሽ ካሱ ዘንጋቸውን ይዘው ብቻቸውን ወረዱ። ከዚህ ግንድ ወደዚያ ግንድ እያሉ ማሳውን ሁሉ ሲዞሩ ከደጃፍ ቆመን አየናቸው። ባዶ እጃቸውን ተመለሱ። በቀጥታ መንገዱን ተሻግረው የመኪናዋን መስኮት አንኳኩና፣ ከዛሬ በኋላ በሳር እኔን እንዳትልከኝ አሉት። መኪናዋ አቧራዋን አስነስታብን ሄደች።

አሁን ወዳንተ መጣሁ። የካቲት 14፣ አርብ ዕለት፣ አቶ አለምሰገድ ማንም ሳይዘው በገዛ እግሩ ችሎት ገባ። ሙሉ ልብስ ለብሷል። ዳኛዋን ይቅርታ ጠየቀ፣ በሥራ ብዛት ነው አለ። ከዚያ ጉዳዩ እኮ በቤተሰቡ ስምምነት አልቋል ብሎ ከቦርሳው አንድ ወረቀት አወጣ። የችሎቱ ጸሐፊ ጮክ ብሎ አነበበው። እኔ ሀብተሚካኤል ከወራሾቹ አንዱ ስሆን፣ ውሃው ወደ ነበረበት ስለተመለሰልን አቤቱታው እንዲነሳልንና መዝገቡ እንዲዘጋ እጠይቃለሁ ይላል። ድሬዳዋ፣ የካቲት 3 ቀን። ማኅተሙ ሳይቀር ተመቷል። ሌላ ቃል አጥተህ ነው ወደ ነበረበት ያልከው? የሰውዬውን አነጋገር እንኳ አልቀየርክለትም።

ዳኛዋ ወረቀቱን ወደ እኔ አሳለፈችና ይህ የወንድምሽ ፊርማ ነው ወይ አለችኝ። ፊርማህን ያስተማርኩህ እኔ ነኝ። ስምንተኛ ክፍል ለፈተና ስትመዘገብ መፈረም አልችልም ብለህ ስታለቅስ፣ ደብተሬን ቀድጄ ማንጎው ሥር አስቀምጬህ አንድ ከሰዓት ሙሉ አለማመድኩህ። መጨረሻ ላይ ወደ ኋላ የምትመለሰውን ጭረት የጨመርኩልህ እኔ ነኝ፣ ሰው እንዳያስመስላት ብዬ። አሁን ያቺ ጭረት ዓይኔ ላይ ተቀምጣ አላውቀውም ልል ፈለግኩ። እውነቴን ነው የምልህ፣ ምላሴ ጫፍ ደርሶ ነበር። አላውቀውም ብል ወረቀቱ ወድቆ ሰውዬው ይታሰር ነበር። ግን ስለ ውሸት ከስሼ እዚያው ቆሜ መዋሸቱ አልሆነልኝም። የእሱ ነው ክብርት ዳኛ፣ እጁ ነው አልኩ። አቶ አለምሰገድ ፈገግ አለ። ቀጥዬም ይህ ሰው ከአባታችን ተዝካር ወዲህ ጫኖን ከረገጠ አራት ዓመቱ ነው፣ ውሃው መመለሱን ድሬዳዋ ሆኖ በምን አየው ብለው ይጠይቁልኝ አልኩ። ዳኛዋ ወደ አቶ አለምሰገድ ዞረች። እሱም ሳይደነግጥ በስልክ ነግሬው ነው አለ። ደግሞ በኩራት፣ ወንድማቸው በቅርቡ ወደ እኛው ቢሮ ተዛውሮ ይመደባል፣ ቤተሰብ ማለት ነን አለ።

በጥር ብሩክታዊት ደውላ ዝውውሩ ሊሳካ ነው፣ ዕቃ ማሰር ጀምረናል ስትለኝ ጎረቤት እስኪሰማ እልል ብያለሁ። ማን እንደሚያዛውርህ አልጠየቅኩም። ሀብቴ፣ አገርህ ልትገባ መመኘትህን አልነቅፍብህም። ስምንት ዓመት ከሰው አገር ሙቀት ጋር መታገልህንም አውቃለሁ። ግን ወዴት ልትገባ ነበር? ጠዋት የሰውዬው ቢሮ ውለህ ማታ በደረቀው ማሳ በኩል አልፈህ ከእኛ ጋር ራት ልትበላ ነበር? አንገቴን አስደፋኸኝ። ከእሱ ይልቅ ያንተ አቆሰለኝ፤ እሱ ባዳ ነው።

የባሰውን ልንገርህ። እማዬ እዚያው ነበረች። አማርኛውን በደንብ ስለማትሰማ ሰው ለምን እንደሚያያት አልገባትም። ዳኛዋ ለእሷም ይነገራት፣ ወራሽ ናትና ቃሏን ትስጥ አለች። አስተርጓሚው መጀመሪያ ዓይኑን ወደ መሬት ጣለ፤ ከዚያ በቀስታ ልጅሽ ውሃው ተመልሶልናል ብሎ ጽፏል አላት። እማዬ የትኛው ልጄ አለች። አንድ ወንድ ልጅ ነው ያላት፣ እሷም ታውቃለች፤ እንዲያው ሌላ ስም ቢጠራላት ብላ ነው። ስምህን ነገራት። እሷም በጋሞኛ አንዲት ነገር ተናገረች። አስተርጓሚው እንግዲያው መጥቶ ይጠጣው ትላለች አለ። ሰው አልሳቀም። ዳኛዋ ቃሉን እንዳለ መዝገቡ ላይ ጻፈችው፤ ስትጽፈው አይቻለሁ።

ከዚያ ትዕዛዝ ሰጠች። አቶ አለምሰገድ ችሎት ደፍሯል ወይስ አልደፈረም የሚለውን የምወስነው በዓይኔ ካየሁ በኋላ ነው አለች። መጋቢት 12 ቀን፣ አርብ፣ ችሎቱ ራሱ ጫኖ ወርዶ ቦታውን ያያል። ወረቀቱን የፈረመው ሰውም እዚያው ማሳው ላይ ቆሞ፣ ተመልሷል ያለው ውሃ የቱ እንደሆነ በጣቱ ያሳይ አለች። አቶ አለምሰገድ ሲወጣ አሁንም ፈገግ እያለ ነበር። አይመጣም ብሎ ተማምኖብህ ነው። የሚያሳዝነው ነገር፣ እኔም ትንሽ ተማምኜብሃለሁ፤ እኔ ግን በተቃራኒው።

እስከዚያ ሙዙ ይቆይልን እንደሆነ እንጃ። ከመቶ ሃያው ግንድ አረንጓዴ የቀረበት ሠላሳ አንዱ ነው። ግንቦት ላይ ዝናቡ ቢመጣም ሥሩ የሞተው አይነሳም። እማዬ በጀሪካን ከወንዙ እየቀዳች የአባታችንን ማንጎ ታጠጣለች፤ ጉልበቷን ያመማት ከዚያ የተነሳ ነው። ተዪው ብላት አትሰማኝም። የገዛ ውሃችንን ከወንዝ በጀርባዋ ተሸክማ ስትመጣ የባለሀብቱ ዘበኛ ከፓምፑ ራቂ ይላታል። ይህን ሳታውቅ ነው የፈረምከው ብዬ ልመንህ፤ አሁን ግን አውቀሃል።

ከዚህ ደብዳቤ ጋር ታጥፎ ያለው ወረቀት የፍርድ ቤት መጥሪያ ነው። ሁለት ቅጂ ነው፤ አንዱ ያንተ፣ ሌላው መድረሱን ፈርመህበት አርሴማ የምትልክልኝ። ካልመጣህ ትዕዛዝ ያላከበረው አቶ አለምሰገድ ብቻ አይሆንም፣ ከሥሩ ያንተ ስም ይጻፋል። አቤቱታውን የማስገባውም እኔ ነኝ፤ እህቴ አታደርገውም ብለህ እንዳትሸወድ። ከመጣህ ግን መኝታህ እንዳለ ነው፣ አንሶላውን አጥቤዋለሁ። መናኸሪያ መጥቼ አልቀበልህም። ራትም አብረን እንበላለን፣ ጾም ስለሆነ ከሽሮ ሌላ አትጠብቅ። የምትናገረውን ግን አላስጠናህም። ማሳው ላይ ቆመህ ያየኸውን ተናገር፤ ሌላ ምንም አልፈልግም።

ብሩክታዊትን ሰላም በልልኝ፤ በእሷ ላይ ቂም የለኝም፣ ያሰረችውን ዕቃ ግን ለጊዜው ትፍታው። ሰሊሆምን ጎበዝ በርቺ በልልኝ። ዳግምን ጉንጩን ሳምልኝ፣ አክስቱ በአካል ስታገኘው የራሷን ትስማለች። ጋሽ ካሱ ሰላም ብለውሃል፤ መጋቢት 12 እሳቸውም ማሳው ላይ ይቆማሉ። እማዬ ሰላምታ አላከችልህም። ምን ልበልልሽ ብዬ ሦስት ጊዜ ጠየቅኳት፣ ሲመጣ እነግረዋለሁ ነው የምትለው።

በመጥሪያው ላይ የምትፈርምበት ቦታ ከታች በስተቀኝ ነው። አርሴማ ቆማ ትጠብቅሃለች። ፊርማ እንደሆነ አይከብድህም።

እህትህ ፋንታዬ
ጫኖ፣ አርባ ምንጭ
የካቲት 20 ቀን 2017 ዓ.ም.